በጥቁር የተጻፈው ስም

ማክሰኞ ጠዋት፣ ሦስተኛው ክፍለ ጊዜ ላይ፣ ጠመኔ እንደያዝኩ ወሰዱኝ። ሁለት ፖሊሶች ነበሩ። አንደኛው በሩ ላይ ቆመ፤ ሁለተኛው ገባና «መምህር፣ መቶ አለቃው ለአንድ ጉዳይ ይፈልጉዎታል» አለኝ። ተማሪዎቹ ብድግ አሉ። ሰው ሲገባ መነሳትን ያስተማርኳቸው እኔው ነኝ። «ቁጭ በሉ፣ አሁን እመለሳለሁ» አልኳቸው። ከእስር የወጣሁት ከአንድ ዓመት ከአራት ወር በኋላ ነው፤ እዚያ ክፍል ግን ዳግመኛ አልገባሁም።

ለምን እንደወሰዱኝ አውቃለሁ። ያኔ ንፋስ መውጫ ውስጥ አስተማሪ ነበርኩ፤ የትምህርት ቤቱም መጻሕፍት በእኔ እጅ ነበሩ። መጻሕፍት ስል ብዙ እንዳይመስላችሁ፤ መዝጊያው የማይገጥም አንድ ቁም ሳጥን ነው። ከላይ የተላኩልን መጻሕፍት እዚያ ውስጥ አቧራ ሲጠጡ አናደዱኝና አንድ ቀን ሰባቱን መርጬ ዝርዝር ጻፍኩ። ርእሱ «የመሪዎችን ሕይወት ማወቅ ለምትወዱ፣ ብታነቧቸው የሚመከሩ መጻሕፍት» ይል ነበር። ከእያንዳንዱ ጎን አንዳንድ ቃል አከልኩበት። «ይህ ሰው ከእርሻ ተነስቶ አገር መርቷል፤ ልጅነቱ የተተረከበትን ክፍል አትዝለሉ።» «ይህ መጽሐፍ ወፍራም ነው፤ ከመካከሉ ብትጀምሩም ይገባችኋል።» እንዲህ እንዲህ ያለ ነገር ነው። ማስታወቂያ ሰሌዳው ላይ ለጠፍኩት። በሳምንቱ አምስቱ መጻሕፍት ወጥተው ነበር፤ ደስታዬን አልነግራችሁም።

ደስታዬ ነው ያጠፋኝ። በሁለተኛው ሳምንት እሑድ፣ ትምህርት ቤቱ ጭር ባለበት ሰዓት፣ ከዝርዝሩ ግርጌ አንድ መስመር ጨመርኩ፦ «የኛስ ገዥ ሕይወት? እግዚአብሔርን ብቻ የሚፈራ ጸሐፊ ሲገኝ ይጻፋል።»

እጄ እንዳይታወቅ ብዬ የዘወትር ጽሕፈቴን ተውኩ። ልጅ ሳለሁ አባቴ እስቴ ውስጥ አንድ ደብር ላይ ብራና መጻፍ እንድማር ሰጥቶኝ ነበርና ሸምበቆ ቀርጬ፣ ከትምህርት ቤቱ የቀለም ጠርሙስ ነክሬ፣ በቤተ ክህነት ቁም ጽሕፈት ጻፍኩት። እንደዚያ መጻፍ እንደምችል በከተማው ማንም አያውቅም። አይ ብልጠት! ለብቻዬ እየሳቅሁ ወደ ቤቴ ሄድኩ።

በከተማውና በዙሪያው በዚያ ጽሕፈት የሚታወቅ አንድ ሰው ብቻ እንዳለ አላሰብኩም። ወይም አስቤ ሐሳቡን አባርሬው ይሆናል። ዕድሜዬ በገፋ ቁጥር የምፈራው ይህንኛውን ነው።

ያስገቡኝ ቤት ድሮ የእህል ማስቀመጫ የነበረ የድንጋይ ቤት ነው። ያረጀ ገብስና ሽንት ይሸታል። ከጣሪያው ሥር መዳፍ የምታህል ቀዳዳ አለችው፤ በእሷ ነው ብርሃኑም ነፋሱም የሚገባው። ወለሉ አፈር ነው፤ ጭድ ተጎዝጉዞበታል፤ ጭዱ ውስጥ ያለውን ቁንጫ እግዜር ይቁጠረው። ዓይኔ ጨለማውን እስኪለምድ ድረስ ብቻዬን መስሎኝ ነበር። ከዚያ ከጥግ ሳል ሰማሁ። ረጅም፣ ከሥር ተቆፍሮ የሚወጣ ሳል ነው።

«እንደምን አደሩ» አልኩ።

«እግዚአብሔር ይመስገን። ማነህ አንተ?»

«አስተማሪ ነኝ።»

«እሺ። እኔ ምን እንደሆንኩ ገና አልነገሩኝም» አሉ።

ቀረብ ብዬ ፊታቸውን ለየሁት። የኔታ ናቸው። ዳዊትና ስንክሳር የሚጽፉ፣ ከሰው ጋር ብዙ የማይነጋገሩ፣ የግማሽ ቀን መንገድ ርቀው ከአንድ ገጠር ቤተ ክርስቲያን አጠገብ የሚኖሩ የብራና ጸሐፊ ናቸው። ገበያ ሲመጡ ከሩቅ እጅ እነሣቸው ነበር። ሰኞ ነው የያዟቸው። እግራቸው ላይ ብረት አለ።

ከሰዓት በኋላ መቶ አለቃው ዘንድ አቀረቡኝ። የማይጮህ ሰው ነው፤ ቢጮህ ይሻለኝ ነበር። ጠረጴዛው ላይ ሰባቱ መጻሕፍት ተደርድረዋል። በአንደኛው መካከል የክብሪት እንጨት ተሰክቶ ነበር።

«ዝርዝሩ የማን ነው?»

«የኔ ነው፣ ጌታዬ።»

«ሰባት መሪ አለ። ጃንሆይ ግን የሉበትም።»

«የሞቱትን ብቻ ነው የመረጥኩት። ሰው በሕይወት እያለ ታሪኩ ተሟልቶ አይጻፍም ብዬ…»

ብዕሩን ቀስ ብሎ አስቀመጠ። «እስኪሞቱ እየጠበቅህ ነዋ።»

ወይ አንደበቴ! እንደዚያ አላልኩም፣ እንደዚያ ማለቴ አይደለም እያልኩ ስንተባተብ ባዶ ወረቀት ከፊቴ አኖረ። ከዚያ ያቺን መስመር በራሴ እጅ አስጻፈኝ። በዘወትር ጽሕፈቴ ጻፍኩ። ሁለቱን ወረቀት ጎን ለጎን አድርጎ ብዙ አያቸው።

«ያንተ እጅ አይደለም» አለ። «ያንተማ የዶሮ ጭረት ነው። ይሄ የቤተ ክህነት እጅ ነው። የሽማግሌው ነው።»

እዚያ ላይ መናገር ነበረብኝ። አልተናገርኩም።

ልወጣ ስል ጠራኝ። ክብሪት የተሰካበትን መጽሐፍ ከፍ አድርጎ «ይሄ ሰውዬ መጨረሻው ምን ይሆናል?» አለኝ።

«የገዛ ወታደሮቹ ያወርዱታል፣ ጌታዬ።»

መጽሐፉን ዘጋው። «አሳጠርክልኝ» አለ፤ አልሳቀም።

የሚጠብቀን ዘበኛ የስማዳ ሰው ነው። ኅዳር ነበርና አሳቡ ሁሉ ቤቱ ከቀረው አዝመራ ላይ ነው፤ ክፉ ሰው አልነበረም። ረቡዕ ዕለት ውኃ ሲያቀብለኝ ዝቅ ባለ ድምፅ እንዲህ አለኝ፦ «ሽማግሌው ሰኞ ወደ ደብረ ታቦር ይሄዳሉ። በእግር ነው። እኔ ነኝ የምወስዳቸው።»

«በዚህ ደረታቸው?»

«እኔስ ምን ላድርግ፣ ጋሼ። ባለፈው የወሰድነው ሰውዬ እንኳ ጎልማሳ ነበር። ጉና ላይ አደርን። ውርጩን ታውቀዋለህ። ጠዋት ተነስ ብንለው አልተነሳም።» ጣሳውን ከእጄ ተቀበለኝ። «እዚያው ነው የቀበርነው።»

ተመልሼ ጭዱ ላይ ተቀመጥኩ። የኔታ ተኝተው ያስላሉ። ሁሉ ነገር ግልጽ ነበር። እኔ ከተናገርኩ እኔ እሄዳለሁ፤ ወጣት ነኝና ምናልባት ጉናን አልፈው ይሆናል፤ ከዚያ በኋላ የሚጠብቀኝን ግን አላውቅም። ዝም ካልኩ እሳቸው ይሞታሉ። ደብረ ታቦር ሳይደርሱ ይሞታሉ። ይህን እያወቅሁ ተኛሁ፤ እንቅልፍም ወሰደኝ። እንዴት እንቅልፍ ይወስደዋል ሰው? ወሰደኝ።

ሐሙስ ጠዋት ከቀዳዳዋ የሚገባው ብርሃን ወለሉ ላይ ሲያርፍ፣ ሳላስበው በጭድ አፈሩ ላይ ፊደል እጭር ነበር። ሰው ሲጨንቀው እጁ የለመደውን ይሠራል። የኔታ በክንዳቸው ተደግፈው ያዩኝ ነበርና «ማነው ያስተማረህ?» አሉኝ።

«ምኑን?»

«የፊደሉን ራስ ቀድመህ አወፍረህ ነው እግሩን የምታወርደው።»

በእግሬ አጠፋሁት። «ትምህርት ቤት ነው የተማርኩት።»

«ትምህርት ቤት እንዲህ አያስተምርም። እስቴ ነው። የማን ደቀ መዝሙር እንደሆንክም ልነግርህ እችላለሁ፤ ይቅር። ስንት ዓመት ቆየህ?»

መዋሸት አቃተኝ። «ሁለት ዓመት።»

«ቀዩን ሳይሰጡህ ሄድህ» አሉ። ጥያቄ አልነበረም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ብራና ጸሐፊ ሁለት ቀንድ ቀለም አለው፤ አንዱ ጥቁር፣ አንዱ ቀይ። የእግዚአብሔር፣ የእመቤታችንና የቅዱሳን ስም በቀይ ይጻፋል። ተማሪ ግን ቀዩን አይነካም። ስሙ ጋ ሲደርስ ክፍት ቦታ ትቶ ያልፋል፤ መምህሩ ኋላ መጥቶ ይሞላዋል። መምህሩ ሲያምንህ ቀዩን ቀንድ በእጅህ ያስይዝሃል፤ ያን ቀን ጸሐፊ ሆንክ ማለት ነው። እኔ ያን ቀን ሳላይ ነው ወደ ዘመናዊው ትምህርት ቤት የኮበለልኩት።

የኔታ ተነስተው ተቀመጡ። ብረቱ ተንኳኳ።

«መቶ አለቃው ወረቀቱን አሳይቶኛል። የጻፈው ሰውዬ የጌታን ስም በጥቁር ነው የጻፈው። ክፍት ቦታ እንኳ አልተወለትም።»

«የኔታ…» አልኩ።

«ብራና ጸሐፊ እንዲህ አያደርግም። አንገቱን ቢቀሉት አያደርግም።»

«ይህንን ለመቶ አለቃው ነግረውታል?»

«አልጠየቀኝም።»

«ቢነግሩት እኮ ይለቅዎታል!»

«ከዚያስ?» አሉ። «እንግዲያው ጽሕፈቱን ጀምሮ የተወ ማነው ብሎ ይፈልጋል። በዚህ ከተማ ጀምሮ የተወ ስንት ሰው አለ?»

 መልስ አልጠበቁም። ቁጣቸው ገነፈለ።

«ስለ ገዥው የተጻፈው አይደለም እኔን የሚያንገበግበኝ። እሱ የእናንተ ጉዳይ ነው። ስሙን በጥቁር! ምን ቸኮለ? ምን አስቸኮለው?»

እግራቸው ላይ መውደቅ ነበረብኝ። የወጣኝ ቃል ግን ምን መሰላችሁ? «እናቴ ከኔ ሌላ ልጅ የላትም» አልኩ።

«ሚስቴም ከኔ ሌላ ባል የላትም» አሉና ወደ ግድግዳው ዞረው ተኙ።

ዓርብ ዕለት አልተነጋገርንም። ስንቅ የመጣው ለእሳቸው ብቻ ነበር። ቆሎና የገብስ ቂጣ ነው። እስከ ዘጠኝ ሰዓት ጾመው ቆዩና ቂጣውን ለሁለት ከፈሉት፤ ትልቁን ወደ እኔ ገፉት። በላሁት። አይ ሆድ! እሳቸው እያሳሉ፣ እኔ እያኘክሁ።

ቅዳሜ ጠዋት ሁለታችንንም ጠሩን። ከየኔታ ቤት መጻፊያቸውን እንዲያመጣ የተላከ ፖሊስ ተመልሶ ነበር። ጠረጴዛው ላይ መቃ ብዕራቸውና የቀለም ቀንዳቸው አለ። አንድ ቀንድ ነው። ጥቁሩን ብቻ ነው ያመጣው፤ ሌላውን ምን ይሁነኝ ብሎ ትቶታል።

መቶ አለቃው ወደ እኔ ዞረ። «አንተ የፊደል ሰው ነህ። ሽማግሌው ይጽፋሉ፤ አንተ ከዚያኛው ጋር ታስተያያለህ። እጁ አንድ ነው ብለህ ትፈርማለህ። ከዚያ ወደ ተማሪዎችህ ትሄዳለህ።»

 ፈራጁ እኔ ሆንኩ ማለት ነው።

የኔታን አስቀመጧቸው። «ይጻፉ እንግዲህ፣ አባቴ» አላቸውና መስመሯን ጮክ ብሎ አነበበላቸው። የኔታ መቃውን በብርሃን አዩት፤ ጫፉን በጥፍራቸው ሞከሩት፤ ነከሩ።  ፊደሎቹ አንድ በአንድ ወጡ፤ ጥቁር፣ ትከሻቸው ሰፊ፣ እኩል። «የኛስ ገዥ ሕይወት?» ብለው ጻፉ። ከዚያ እጃቸውን አነሱ። የአንድ ቃል ስፋት ያህል ክፍት ቦታ ትተው «ብቻ የሚፈራ ጸሐፊ ሲገኝ ይጻፋል» ብለው ጨረሱ። መቃውን አስቀመጡ።

መቶ አለቃው ጎንበስ ብሎ አየ። «አንድ ቃል ዘለዋል።»

የኔታ መቃውን ራቅ አድርገው ገፉት።

«እግዚአብሔርን የሚለው ቀርቷል። ይጻፉት።»

«አልጽፈውም።»

«ለምን?»

«አልጽፈውም ብያለሁ።»

ያን ጊዜ አነጋገሩ ተለወጠ። «እንግዲህ ስማኝ፣ አንተ ሽማግሌ» አለ። አንተ ሲላቸው በሩ ላይ የቆመው የስማዳው ዘበኛ አንገቱን ደፋ። «ያን ቃል የዘለልከው እጅህ እንዳይታወቅ ነው። ለኔ ይህ ራሱ ማስረጃ ነው። ነገ ጥዋት ነው የምትሄደው፤ ሰኞን አልጠብቅም።»

የኔታ አንድ ቃል ቢናገሩ ነፃ ናቸው። ያቺን ቃል እንዳይናገሩ ከንፈራቸውን ገጥመው ወረቀቱ ላይ ያለውን ክፍት ቦታ ብቻ ያዩ ነበር። ወደ እኔ አንዴም አላዩም። ዓይኔን ቢያዩኝ ተናገር የሚሉኝ እንዳይመስለኝ ፈርተው ይሆናል።

«ፈርም» አለኝ መቶ አለቃው፤ ብዕሩን አቀበለኝ።

ሰባት የመሪ ሕይወት ለሰው የመከርኩ ነኝ። በየመጽሐፉ ውስጥ ሰውየው በጭንቅ ሰዓት የተናገረው ትልቅ ንግግር አለ፤ አንዳንዱን በቃሌ ለተማሪ እለው ነበር። በዚያ ሰዓት አንድም አልመጣልኝ። ብዕሩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩት።

«ለቀይ ቀለም ነው» አልኩ።

«ምን አልክ?»

«ክፍቱን የተዉት ለቀይ ቀለም ነው። ብራና ጸሐፊ የእግዚአብሔርን ስም በጥቁር አይጽፍም። ያኛው ወረቀት ላይ በጥቁር ተጽፏል። እጁ አንድ አይደለም፣ ጌታዬ። አልፈርምም።»

«ዝም በል!» የሚል ጩኸት ሰማሁ። መቶ አለቃው አልነበረም፤ የኔታ ናቸው። «ዝም በል አንተ ልጅ!»

መቶ አለቃው ከሁለታችን አንዱን፣ ከዚያ ሌላውን አየ። ቸኩሎ አያውቅም፤ ያን ቀንም አልቸኮለም። «አንተ ይህን በምን አወቅህ?» አለኝ።

«መቃውን ይስጡኝ» አልኩ።

ቆሜ ነው የጻፍኩት። ከየኔታ መስመር በታች፣ በእሳቸው መቃ፣ በእሳቸው ቀለም፣ ያንኑ ዓረፍተ ነገር ጻፍኩ። ስሙ ጋ ስደርስ ቀና አልኩ። የኔታ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረዋል። በጥቁር ጻፍኩት፤ ክፍት ብተወው ከመጀመሪያው ወረቀት ጋር አይመሳሰልም፣ እሳቸውም አይለቀቁም ነበር። መቶ አለቃው ሁለቱን ወረቀቶች አስተያየና አጣጠፋቸው።

«ጎበዝ» አለ። «ነገ ጥዋት አንተ ትሄዳለህ።»

የየኔታን የእግር ብረት ዘበኛው ፈታ። ብረቱን ያንኑ ለእኔ አደረገው፤ ገና ሙቀታቸው አልወጣለትም። የኔታ እስኪጨርስ ድረስ ቆመው ጠበቁ። ከዚያ ጋቢያቸውን አውልቀው ትከሻዬ ላይ ጣሉት።

«የኔታ፣ እርስዎ ይበርድዎታል…»

«እኔ ወደ ቤቴ ነው የምሄደው። አንተ ጉና ላይ ብትሞት በነፍስህ የምጠየቀው እኔ ነኝ።» አሁንም እንደተቆጡ ነበሩ። በሩ ጋ ሲደርሱ ዞር አሉና «ከወጣህ ወደ እኔ ና። ቀዩን ሳይዙ መቅረት ጥሩ አይደለም» አሉኝ።

ጉናን አለፍኩ። በዚያ ጋቢ ነው ያለፍኩት። ስፈታ የኔታ ቤት ሄድኩ፤ ደረታቸው ቀድሞኝ ነበር። በአልጋቸው ላይ፣ ሚስታቸው አጠገባቸው ሆነው፣ በፋሲካ ማግሥት አርፈዋል። ቀዩን ቀንድ ለማን እንደሰጡት አልጠየቅሁም።

ዛሬ ጡረተኛ ነኝ። ወጣቶች እየመጡ ስለ መሪዎች ሕይወት የቱን እናንብብ ይሉኛል። እመክራለሁ፤ አሁን ደግሞ መጽሐፉ ሞልቷል። አንድ ነገር ብቻ እጨምርላቸዋለሁ፦ ሰውየው የተናገረበትን ቀን ማንም ይጽፈዋል፤ ዝም ያለባቸውን ቀኖች የሚነግራችሁ መጽሐፍ ካገኛችሁ ግን እሱን አንብቡ። ይስቃሉ፤ የሽማግሌ ጨዋታ ይመስላቸዋል።

በአገራችን የእኔን ነገር የሚያወሩ ሰዎች አሉ። ያ አስተማሪ ለየኔታ ብሎ ራሱን አሳልፎ ሰጠ ይላሉ፤ በሰርግና በለቅሶ ላይ ሲነሳ ሰምቻለሁ። የሚያወሩት ቅዳሜን ነው። እውነታቸውን ነው፤ ቅዳሜ ተናግሬያለሁ። ማክሰኞ፣ ረቡዕ፣ ሐሙስና ዓርብም ግን እዚያው ቤት ውስጥ ነበርኩ።